2048 ላይ 1024 ከጥጉ ወጣብኝ፣ ሥሩ 2 ገባ፤ እንዴት ልመልሰው?

ሚጡ_2፦

ሰላም ለሁላችሁ። 2048 የምትጫወቱ ካላችሁ እባካችሁ ይህን ሰሌዳ እዩልኝ። ብራውዘር ላይ የሚከፈተው፣ 4 በ4 የሆነው የመጀመሪያው ዓይነት ነው። ለማታውቁት፦ አቅጣጫ ስንጫን ቁጥሮቹ ሁሉ ወደዚያ ይንሸራተታሉ፣ ሁለት ተመሳሳይ ሲነካኩ ተዋህደው እጥፍ ይሆናሉ፣ ከዚያ አዲስ 2 ወይም 4 ባዶ ሳጥን ላይ ይመጣል፤ ግቡ 2048 መሥራት ነው።

አጨዋወቴ ሁሌም አንድ ነው። ትልቁን ቁጥር ታችኛው ግራ ጥግ ላይ አስቀምጣለሁ። ግራና ታች እጫናለሁ፣ ሲጠበኝ ቀኝ። ላይ አልነካም። በዚህ መንገድ 1024 ደረስኩ። ከዚያ ግራም፣ ቀኝም፣ ታችም አልንቀሳቀስ አለ። የቀረኝ ላይ ብቻ ስለነበር ተጫንኩት። 1024 ከፍ ሲል ጥጉ ላይ አዲስ 2 መጣ። ወዲያው ታች ብልም 1024 በ2ቷ ላይ ተቀመጠ።

ከዚያ ወዲህ ግራና ታች ብቻ እያልኩ እዚህ ደርሻለሁ፦

– | – | – | 
2 | – | – | –
4 | 2 | – | –
1024 | 16 | 8 | 2
2 | 256 | 64 | 64

(የላይኛውን ባዶ መስመር እርሱት፤ ረድፎቹ አራት ናቸው።)

ነጥቤ 11 ሺህ አልፏል። 2ቷ በላይዋ 1024፣ በጎኗ 256 አለ። ከማን ጋር ትዋሃድ? ግራ ተጭኜ 64ቶቹን 128 ላድርጋቸው እላለሁ፣ እጄ ግን እምቢ አለኝ። ገጹን ብዘጋው ይጠፋብኛል ብዬ ኮምፒውተሩንም አላጠፋሁም። እህታችሁን እርዱ።

ጥግ_ጠባቂ፦

ሚጡ፣ እስካሁን ካልተጫንሽ አሁንም አትጫኚ። ሰሌዳሽ አልሞተም። መውጫው እዚያው ፊትሽ ነው።

መጀመሪያ ገጹን ያለ ስጋት ዝጊው። ጨዋታው ከእያንዳንዱ እንቅስቃሴ በኋላ ሰሌዳውን ብራውዘሩ ውስጥ ያስቀምጣል። የብራውዘሩን ዳታ ካላጠፋሽ ወይም በድብቅ መስኮት ካልከፈትሽው ነገም እንዳለ ታገኚዋለሽ።

አሁን ወደ ሰሌዳው። ይህ ነገር የሚገጥመው ሰው ሁሉ «2ቷን እንዴት ላጥፋት?» ብሎ ይጨነቃል። እዚያው ባለችበት አትጠፋም። በላይዋ ካለው ጋር ለመዋሃድ እሷም 1024 መሆን አለባት። ስለዚህ እሷን ማጥፋቱን ትተሽ ከጥጉ ማስወጣቱን አስቢ። ታችኛው ረድፍ ወደ ቀኝ አንድ ሳጥን ቢሸሽ ጥጉ ባዶ ይሆናል። ያኔ ታች ስትጫኚ 1024 ቦታው ይወርዳል።

አስቸጋሪው ነገር ቀኝ ስትጫኚ ረድፉ ሁሉ አብሮ መንቀሳቀሱ ነው። 1024 ያለበት ረድፍም ከሸሸ ምንም አላተረፍንም። እንግዲህ ሁለት ነገር ባንድ ጊዜ መሟላት አለበት። ሦስተኛው ረድፍ ሞልቶ፣ ጎን ለጎን ያሉት ቁጥሮች ተለያይተው መቆለፍ አለበት። አራተኛው ረድፍ ደግሞ የሚዋሃድ ጥንድ ያስፈልገዋል። ያንቺን እዪው። 1024፣ 16፣ 8፣ 2፤ ባዶ የለም፣ ተመሳሳይም የለም። ተቆልፏል። ከታች ደግሞ ሁለት 64 ጎን ለጎን ቆመዋል። ቁልፍሽ እነሱ ናቸው።

ቀኝ ተጫኚ። ይህን ታገኛለሽ፦

– | – | – | 2
– | – | 4 | 2
1024 | 16 | 8 | 2
– | 2 | 256 | 128

ግራ ብትጫኚም 64ቶቹ ይዋሃዱ ነበር። ክፍተቱ ግን በቀኝ ጫፍ ነው የሚከፈተው። እዚያ አዲስ ቁጥር ቢገባ ታችኛው ረድፍ ሞልቶ ይቆለፍና 2ቷ ጥጉ ላይ ትቀራለች። እጅሽ እምቢ ማለቱ ትክክል ነበር።

ቀኝ ከተጫንሽ በኋላ ቆም ብለሽ አዲሱ ቁጥር የት እንደወደቀ እዪ። ባዶ ሳጥኖቹ 6 ናቸው፣ ጥጉ ከነሱ አንዱ ነው። ሌላ ቦታ ከወደቀ ወዲያው ታች። ጥጉ ላይ 2 ከወደቀ ግን ታች እንዳትጫኚ። ጎኗም 2 ስለሆነች እንደገና ቀኝ በይ። ሁለቱ 4 ሆነው ይሸሻሉ፣ ሦስተኛው ረድፍ አሁንም እንደተቆለፈ ነው፣ ጥጉ ዳግም ይከፈታል። የሚከፋው 4 ከወደቀበት ነው። ያኔ ታች ሌላ ጥንድ እስኪፈጠር በትዕግሥት መጠበቅ ነው።

ሰያፍ፦

እኔ ብሆን አልመልሰውም ነበር። 1024 አንዴ ከፍ ካለ ላይኛውን ግራ ጥግ አዲስ ቤቱ አደርገዋለሁ። ከዚያ በኋላ ላይ እና ግራ እየተጫኑ መቀጠል ነው። ጥጎቹ እኩል ናቸው፣ ታችኛው ከላይኛው አይበልጥም።

ጥግ_ጠባቂ፦

ሰያፍ፣ ጥጎቹ እኩል መሆናቸው እውነት ነው። በዚህ ሰሌዳ ላይ ግን አይሆንም። ግራውን ዓምድ ከላይ ወደ ታች አንብበው፦ 2፣ 4፣ 1024፣ 2። ሙሉ ነው፣ ተመሳሳይም የለውም። ላይ ብትጫን 1024 ንቅንቅ አይልም። መጀመሪያ በላዩ ያሉትን 2 እና 4 ከዚያ ዓምድ ማስወጣት አለብህ። ለዚያ ደግሞ ላይኞቹን ረድፎች ወደ ቀኝ ስትገፋ ታችኛውም አብሮ ይገፋል። ከዚህም በላይ 256ቱ እና 64ቶቹ ታች ናቸው። አለቃውን ወደ ላይ ወስደን አጃቢዎቹን ታች ብንተዋቸው ሁለት ጎራ ይፈጠራል፣ በ16 ሳጥን ውስጥ ደግሞ ለሁለት ጎራ ቦታ የለም። 1024 ብቻውን ከሌሎቹ ተለይቶ ላይ የቀረበት ሰሌዳ ቢሆን ኖሮ ምክርህን እቀበል ነበር።

ዕድሌ_ነው፦

እኔ ይህ ጨዋታ ሆን ብሎ ነው የሚያደርገው ባይ ነኝ። ላይ በተጫንኩ ቁጥር አዲሱ ቁጥር ጥጉ ላይ ነው የሚወድቀው። ሌላ ቦታ እያለ ለምን እዚያ?

ጥግ_ጠባቂ፦

ሆን ብሎ አይደለም። ጨዋታውን ጋብሪዬሌ ቺሩሊ የሚባል ጣሊያናዊ በመጋቢት 2014 እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ሲያወጣው ኮዱንም ክፍት አድርጎ ነው። ማንም ገብቶ ማየት ይችላል። ኮዱ ካሉት ባዶ ሳጥኖች አንዱን በዕጣ ይመርጣል። ከዚያ ከ10 ጊዜ በ9ኙ 2፣ በአንዱ 4 ያስቀምጣል። ትልቁ ቁጥርህ የት እንዳለ አያይም።

ጥጉ ላይ ደጋግሞ የሚወድቀው ሌላ ምክንያት ስላለው ነው። ላይ ለመጫን የምንገደደው አብዛኛውን ጊዜ ሰሌዳው ሲጠብ ነው። 10 ባዶ ሳጥን ሲኖር ጥጉ ከ10 አንድ ዕድል ነው ያለው። 3 ብቻ ሲቀሩ ከ3 አንድ ይሆናል።

ሚጡም ይህን ያዢው፣ ለወደፊቱ ይጠቅምሻል። ላይ መጫን ሁልጊዜ አደገኛ አይደለም። አደገኛ የሚሆነው ጥጉ ያለበት ዓምድ ክፍት ሲሆን ነው። ግራው ዓምድ ከላይ እስከ ታች ሞልቶ ተመሳሳይ ቁጥሮች ካልተነካኩ፣ ላይ ብትጫኚ 1024 ካለበት አይነሳም። ሌሎቹ ዓምዶች ይነሳሉ፣ አንቺም ወዲያው ታች ትመልሻቸዋለሽ። ታችኛው ረድፍ ሲሞላ ግራና ቀኝ ነፃ እንደሚሆኑልሽ ሁሉ፣ ግራው ዓምድ ሲሞላ ላይና ታች ነፃ ይሆናሉ። ስለዚህ ሰሌዳው መጥበብ ሲጀምር፣ ገና ሌላ ምርጫ እያለሽ፣ ትንንሾቹን ወደ ግራው ዓምድ ሰብስቢ። ብዙ ሰው ይህን የሚያስበው ሦስቱም አቅጣጫ ከተዘጋ በኋላ ነው፤ ያኔ ደግሞ ጊዜው አልፏል።

ሰያፍ፦

የ1024ቱ ረድፍ መቆለፉን አላስተዋልኩትም ነበር፣ ልክ ነህ። አንድ ነገር ልጨምር። ሚጡ፣ ቀኝ ከተጫንሽ በኋላ በቀኙ ዓምድ ሦስት 2 ተደራርበው ይቆማሉ። ታች ስትጫኚ ለተጫንሽበት አቅጣጫ የቀረቡት ሁለቱ ናቸው የሚዋሃዱት። ታችኞቹ ሁለት 4 ይሆናሉ፣ ላይኛዋ 2 እንዳለች ትወርዳለች። የተዋሃደ ቁጥር ደግሞ በዚያው እንቅስቃሴ ሁለተኛ አይዋሃድም። ሁሉም ባንዴ ይጠቀለላል ብለሽ እንዳትጠብቂ።

ሚጡ_2፦

ተጫንኩት! ቀኝ ስል አዲሷ 2 ላይኛው ግራ ላይ ወደቀች። ወዲያው ታች አልኩ። 1024 ጥጉ ገባ! እጄ እየተንቀጠቀጠ ነው የምጽፈው። አሁን ይህን ይመስላል፦

– | – | – | 2
– | – | 4 | 2
2 | 16 | 8 | 4
1024 | 2 | 256 | 128

ግን 2ቷ አሁን በ1024 እና በ256 መሃል ገባች። ይህም እንደ በፊቱ አይሆንብኝም?

ጥግ_ጠባቂ፦

እሰይ! በጣም ነው ደስ ያለኝ።

አይሆንብሽም። በፊት በላይዋ 1024 ነበር፣ አሁን 16 ነው፤ 16 ደግሞ የሚንቀሳቀስ ቁጥር ነው። ታችኛው ረድፍ ሞልቶ ስለተቆለፈ እንደ ልብሽ ግራ ቀኝ ማለት ትችያለሽ። ደግሞ ያቺ ሳጥን ባክና የቀረች አይደለችም። 2048 ለመድረስ ከ256ቱ ጎን ሌላ 256 መሥራት ነበረብሽ። እዚያችው 2 ላይ ትሠሪዋለሽ።

በሰሌዳሽ ላይ ጥሩ መንገድ አለ። ታች ተጫኚ፤ በቀኙ ዓምድ ያሉት ሁለቱ 2 ወደ 4 ይለወጣሉ። እንደገና ታች፤ 4 እና 4 ተዋህደው 8 ይሆናሉ። ሦስተኛው ረድፍ 2፣ 16፣ 8፣ 8 ሆነ ማለት ነው። አሁን ቀኝ። 8ቶቹ 16 ይሆኑና ረድፉ አንድ ሳጥን ይሸሻል፦ ባዶ፣ 2፣ 16፣ 16። እዪ፣ 2ቷ በ2ቷ ላይ መጣች። ታች በይ፣ 4 ሆኑ። ቀጥለሽ ቀኝ፤ 16ቶቹ 32 ይሆናሉ።

በመሃል አዲስ 2 ግራው ዓምድ ላይ ወድቃ ሦስተኛው ረድፍ ላይ ያለችውን 4 ካደረገቻት መንገዱ በትንሹ ይለወጣል። ሐሳቡ ግን ያው ነው። ትልልቆቹን ወደ ቀኝ ሰብስቢ፣ ከሁለተኛው ዓምድ በላይ ትንንሾቹ እንዲመጡ አድርጊ፣ ያቺን ሳጥን ከላይ እየመገብሽ አሳድጊያት። 256 ስትሆን ግራ ትጫኛለሽ፣ ከ1024 ጎን 512 ይቆማል።

ገና ረጅም ነው፣ አትቸኩዪ። የሰሌዳሽ ድምር አሁን 1448 ነው። እያንዳንዱ እንቅስቃሴ በአማካይ 2.2 ስለሚጨምር 2048 ለመድረስ ወደ 270 እንቅስቃሴ፣ ምናልባትም ከዚያ በላይ ይቀርሻል። ግራው ዓምድ ሳይሞላ ሦስቱም አቅጣጫ ሊዘጋብሽ የተቃረበ ከመሰለሽ ከመጫንሽ በፊት ሰሌዳውን እዚህ ለጥፊው፣ አብረን እናየዋለን።