«አገር ሰላም ብሎ» ሽሙጥ አለበት?

ጠያቂ፦ ሰላም ለሁላችሁ። በአንደኛው የዓለም ጦርነት ዋዜማ ስለነበረው የፈረንሳይ ተራ ሰዎች ኑሮ እየጻፍኩ ነው። «እ.ኤ.አ. በሐምሌ 1914 የፈረንሳይ ገበሬ አገር ሰላም ብሎ ስንዴውን ያጭድ ነበር» አልኩ። አርታኢዬ «ሰውየውን ሞኝ አደረግሽው» ብላ ሰረዘችው። እውነት ያሾፋል?

የቅኔ ቤት ልጅ፦ ምንጩ ጳውሎስ ነው። 1ኛ ተሰሎንቄ 5፥3፣ «ሰላምና ደኅንነት ነው ሲሉ» ያለው። ከዚያ ጥፋት በድንገት ይመጣል። አለቀ።

ፊደል ወዳድ፦ ጳውሎስን ተወው ባክህ። መንገደኛ ሲገናኝ «አገሩ ሰላም ነው?» ይባባል የለ እንዴ? እሱ ነው። ደግሞ በግዕዝ ሀገር ከተማ ነው፣ «ሀገረ እግዚአብሔር» ሲል ዳዊት ስለ ጽዮን ነው የሚያወራው፣ ስለዚህ የስንዴ ማሳ ውስጥ ምን ይሠራል?

የቅኔ ቤት ልጅ፦ ዳዊት የደገምኩት እኔ፣ የምታስተምረኝ አንተ!

ዝም ባይ፦ ይቅርታ ግን ቃሉ ቦታው አይደለም። አገር ሰላም ብሎ የሚባለው ምንም ያልጠረጠረ ነው። ፈረንሳይ በ1913 የግዴታ ውትድርናን ከሁለት ዓመት ወደ ሦስት አሳድጋለች። ወንድ ልጅ ያለው ቤት ሁሉ ጠርጥሯል።

ፊደል ወዳድ፦ መጠርጠርና ዛሬ ይመጣል ማለት አንድ ነው? የአውስትሪያው አልጋ ወራሽ ሰኔ 28 ሲገደል የብስክሌት ውድድሩ ቱር ደ ፍራንስ የጀመረው በዚያው ቀን ነው። ከዚያ በኋላም የፓሪስ ጋዜጦች የማዳም ካዮን ችሎት ነበር የሚያራግቡት፣ የሚኒስትር ሚስት ሆና የ«ፊጋሮ» ጋዜጣን ዳይሬክተር በሽጉጥ የገደለችዋን። በነፃ የተለቀቀችው ሐምሌ 28 ነው፣ አውስትሪያ በሰርቢያ ላይ ጦርነት ባወጀችበት ቀን! ነሐሴ 1 ከሰዓት በኋላ የክተት ደወል ሲደወል እኮ ማሳ ላይ የነበረው ስንቱ ሰው እሳት የተነሳ መስሎት ነው የሮጠው። ይኼ አገር ሰላም ካላለ ማን ይበል?

የቅኔ ቤት ልጅ፦ ሰኔ 28 በእኛ ሰኔ 21 ማርያም ናት። በማርያም ብስክሌት ሲጋልቡ ምን ሊመጣባቸው ኖሯል 😂

ዝም ባይ፦ እሳት ቢመስላቸው እሳትም ሰላም አይደለም።

ፊደል ወዳድ፦ ወይ ጉድ፣ ከደወሉ በፊት ነው የምልህ!

ጠያቂ፦ ወንድሞቼ፣ ሽሙጥ አለበት ወይስ የለበትም? ጽሑፉን ነገ ነው የማስረክበው።

የቅኔ ቤት ልጅ፦ እህቴ፣ መጀመሪያ «ሀገር»ን በሀ ጻፊውና እንነጋገራለን።

ፊደል ወዳድ፦ በአማርኛ በአ ቢጻፍ ማን ከለከለ?