የባለጋሻ ልጅ ባለጋሻ ይሁን?

አወያይ፦ ዘግይታችሁ ለገባችሁ ነገሩን ባጭሩ ልድገመው። በጋራ በምንጽፈው ምናባዊ ዓለም አገሩን የሚገዙት ባለጋሻዎች ናቸው። ቁጥራቸው ሦስት ሺህ አይሞላም። ብረት መታጠቅ የተፈቀደው ለእነሱ ብቻ ነው፤ ገባሩ ካመረተው ሦስት ቁና አንዱን ይወስዳሉ። እስካሁን ባለጋሻ የሚኮነው ከየትኛውም ቤት በሰባት ዓመት ተነጥቆ በጦር ሰፈር በማደግ ነበር። አሁን ግን ከመካከላችን አንዱ “ከምዕራፍ 10 ጀምሮ ጋሻው ከአባት ወደ ልጅ ይተላለፍ” ብሏል። ይተላለፍ?

የታሪክ ተማሪ፦ አይተላለፍ። ጋሻው ጉልት ይሁን እንጂ ርስት አይሁን። ግብፅንና ሶርያን እ.ኤ.አ. ከ1250 እስከ 1517 የገዙት ማምሉኮች በባርነት ተገዝተው የመጡ ልጆች ነበሩ፤ መጀመሪያ በብዛት ከጥቁር ባሕር በስተሰሜን ካለው ከኪፕቻክ ሜዳ፣ ኋላ በካውካሰስ ካለው ከቼርኬስ ምድር። ፈረስና ቀስት ተምረው ነፃ ይወጣሉ፤ የቀናው አሚር (የጦር አዛዥ) ይሆናል፣ አብልጦ የቀናው ሱልጣን። ልጆቻቸው ግን ነፃ ሆነው ስለሚወለዱ በደንቡ የአባታቸውን ቦታ አያገኙም። በ1260 በፍልስጤም ምድር ዓይን ጃሉት ላይ ሞንጎሎችን የመለሰው ይህ ጦር ነው።

የቀድሞ ወታደር፦ ወንድሜ፣ ግማሹን ነው የነገርከን። ያንን ድል የመራው ሱልጣን ቁጡዝ ካይሮ ሳይደርስ መንገድ ላይ በራሱ አሚሮች ተገደለ፤ ዙፋኑንም ከሴራው ሰዎች አንዱ የነበረው ባይባርስ ወሰደው። ተራው የማን እንደሆነ ካልታወቀ ሁሉም ሰይፍ ይመዛል። ደግሞስ ልጆቻቸው በእርግጥ አልወረሱም? ብዙ አሚሮች መስጊድና ትምህርት ቤት እያሠሩ ንብረታቸውን በወቅፍ፣ ማለትም ለሃይማኖትና ለበጎ ሥራ በሚሰጥ የማይሸጥ ስጦታ፣ ያስሩ ነበር፤ አስተዳዳሪ ሆኖ ከገቢው የሚበላው ልጃቸው ነው። አባት የፊት በሩ ሲዘጋበት በጓሮ ያወርሳል። እኔ በጦር ሰፈር ኖሬያለሁ። ሌሊት ዘብ ቆሜ የማስበው ስለ ጠላት አልነበረም፤ ብሞት ልጆቼ ምን ይበላሉ የሚለውን ነበር። ይህን የማያስብ ባለጋሻ ከጻፋችሁ የጻፋችሁት ሰው አይደለም።

የገባሯ ጸሐፊ፦ ሁለታችሁም ዓይናችሁ ጋሻው ላይ ነው፤ እኔ ቁናውን ነው የማየው። የጥንቷን የግሪክ ከተማ ስፓርታን ተመልከቱ (ወንድ ልጆቿ በሰባት ዓመታቸው ለውትድርና ሥልጠና ይወሰዱ ነበር፤ አወያያችን የሰባት ዓመቱን ነገር ከየት እንደቀዳው ይኸው ታወቀ)። ባለ ሙሉ መብቱ ስፓርታዊ ለጋራ ማዕዱ በየወሩ ገብስ፣ ወይን፣ አይብና በለስ ማዋጣት ነበረበት። መዋጮውን ያጣ ከማዕዱ ይወጣል፤ ከማዕዱ የወጣም ሙሉ ዜጋ መሆኑ ይቀራል። አስቡት፤ ሰይፍ ያልጣለው ሰው ጆንያው ጎድሎ ሲወድቅ! መሬቱ በጥቂቶች እጅ እየተሰበሰበ ሄደና፣ አርስቶትል እንደጻፈው፣ 1,500 ፈረሰኛና 30,000 እግረኛ ሊቀልብ በሚችል አገር ተዋጊው ከ1,000 በታች ሆነ። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ371 በቴብስ ጦር በተሸነፉበት በሌውክትራ ውጊያ ከተሰለፉት 700 ያህል ስፓርታውያን 400ው ወደቁ። ከዚያ በኋላ ስፓርታ ወደ ቀድሞ ኃይሏ አልተመለሰችም።

ገብሱን ያረሱት እነማን ነበሩ? ሄሎቶች፣ ስፓርታ አስገብራ ለመሬቷ ያሰረቻቸው ገበሬዎች። የስፓርታ ሹማምንት በየዓመቱ ሥልጣን ሲይዙ በሄሎቶች ላይ ጦርነት ያውጁ ነበር፤ ሄሎት የገደለ በደም እንዳይጠየቅ። የሚቀልበውን ሰው በየዓመቱ “ጠላቴ ነህ” እያለ የሚያውጅ ገዥ! እኛ ዘጠኝ ምዕራፍ ጽፈን አንድ ባለጋሻ እንኳ በሩን ሁለት ጊዜ ቀርቅሮ ሲተኛ አላሳየንም።

የታሪክ ተማሪ፦ የበሩን ነገር ተቀብያለሁ፤ ምዕራፍ 4ን እንደገና እጽፋለሁ። ውርሱን ግን አልለቅም። የኦቶማን ቱርክ ሱልጣን ቋሚ እግረኛ ጦር የነበሩት ጃኒሳሪዎች መጀመሪያ በአብዛኛው ከባልካን ክርስቲያን ቤተሰቦች የተወሰዱ ልጆች ነበሩ፤ ማግባትም አይፈቀድላቸውም ነበር። ኋላ አገቡ፣ ልጆቻቸውንም አስገቡ። ብዙዎቹ ነጋዴና ባለሙያ ሆነው ስማቸው ግን ከደመወዝ መዝገቡ አልወጣም። ሲያምፁ የሾርባ ድስታቸውን አውጥተው ይገለብጡ ነበር፤ “የሱልጣኑን ምግብ አንበላም” ማለታቸው ነው። በ1622 ሱልጣን ዑስማን ሁለተኛን ገደሉ። በ1826 ሱልጣን ማሕሙድ ሁለተኛ ሰፈራቸውን በመድፍ እስኪደበድብ ድረስ የነካቸው ሁሉ ተቃጥሏል።

ታዛቢ፦ እኔ ለክርክሩ የምጨምረው የለኝም። ድስቱ ግን ምዕራፍ 10 ውስጥ ይግባልን።

የቀድሞ ወታደር፦ ይግባ፤ ግን ውርስ ነው ያስገለበጣቸው አትበሉ። ገና ልጅ ሳይወርስ፣ በ1446፣ ደመወዛቸው የሚከፈልበት ሳንቲም በውስጡ ያለው የብር ማዕድን ተቀንሶ ቢሰጣቸው ተነሥተዋል። ስለዚህ መካከለኛ መንገድ ላቅርብ፦ ልጁ ጋሻውን አይውረስ፤ አባቱ ሲሞት ጋሻው ወደ ግምጃ ቤት ይመለስ። ባሏ የሞተባት ሴት ግን በየዓመቱ ሠላሳ ቁና እህል ይቆረጥላት። ያን ጊዜ ዘብ የቆመው ሰው ዓይኑን ከቤቱ አንሥቶ ወደ ድንበሩ ይመልሳል።

አወያይ፦ ይህ የሚያስማማን ይመስለኛል። ተቃውሞ ያለው?

የገባሯ ጸሐፊ፦ ሠላሳው ቁና ከማን ጎተራ ነው የሚሰፈረው?