እድገቱን ለሌላ ሰጡብኝ፤ የት ልክሰስ?

ጠያቂ፦ የሲልቨር ስፕሪንጉ
ሰላም ወገኖች። ዲሲ ውስጥ የፌዴራል መሥሪያ ቤት ሠራተኛ ነኝ፤ ደረጃዬ ጂ ኤስ 11 (የፌዴራል የደመወዝ እርከን)። የ12 ቦታ ወጣና ተወዳደርኩ፤ ኢንተርቪውም አደረግኩ። «አልተመረጥክም» የሚለው ኢሜይል ከመጣ ወር አልሞላውም። ያለፈችው ሥራውን እኔው ያሳየኋት ልጅ ናት። አለቃዬን ለምን ብዬ ስጠይቀው «ሥራው ከሰው ጋር ማውራት ይበዛዋል፤ አክሰንትህ ያስቸግራል» አለኝ። ፊት ለፊት! ዩኒየን አለን። አንዱ ኤም ኤስ ፒ ቢ (የፌዴራል ሠራተኞችን ይግባኝ የሚያየው ቦርድ) ሂድ ይለኛል፣ ሌላው ጠበቃ ያዝ። የምታውቁ ንገሩኝ።

ጡረተኛዋ፦
ወንድሜ፣ ጠበቃው ይቆይ፤ ቀኑ እየሄደብህ ነው። አለመመረጥህን ካወቅክበት ቀን ጀምሮ በ45 ቀን ውስጥ የመሥሪያ ቤትህን የኢ ኢ ኦ (የእኩል የሥራ ዕድል) ካውንስለር ማነጋገር አለብህ። ቅዳሜና እሁዱም ይቆጠራል። በኢሜይል አድርገው፣ ማስረጃ ይሆንሃል። አደራ፣ ለኤች አር ብቻ አመልክተህ እንዳትቀመጥ። «ኤች አር እያየልኝ ነው» ሲል ቀኑ ያለፈበት ሰው ብዙ ነው።

አሌክሳንድሪያ፦
ልክ ናት። ግን አንድ ነገር ልጨምር። ልጅቷን ማሠልጠንህ ያናድዳል እንጂ ብቻውን ኬዝ አይሆንም። አለቃ ብቁ ተብለው ከቀረቡለት መካከል የመምረጥ ሰፊ ሥልጣን አለው። ሕጉ የሚይዘው በዘር፣ በቀለም፣ በትውልድ አገር፣ በሃይማኖት፣ በፆታ፣ በአካል ጉዳት ወይም 40 ዓመትና ከዚያ በላይ በመሆንህ ከሆነ ነው። ያንተ ጉልበት ያለው አክሰንቱ ላይ ነው። አክሰንት ከትውልድ አገር ጋር ይያያዛል። ሥራውን የምር የሚያደናቅፍ ካልሆነ በእሱ መከልከል አይችሉም።

ስለዚህ የተናገረውን ዛሬውኑ ጻፈው፦ ቀኑን፣ ቦታውን፣ ማን እንደሰማ። ዓመታዊ ግምገማህንና ባለጉዳዮች ያመሰገኑህን ኢሜይል ለይተህ ያዝ። በስልክ ደብቄ ልቅዳው እንዳትል ደግሞ፤ ሜሪላንድ ላይ ያለ ፈቃድ መቅዳት ወንጀል ነው።

የዩኒየን ሰው፦
ኤም ኤስ ፒ ቢ ያለህ ጓደኛህ ተሳስቷል። እሱ የሚያየው መባረርን፣ ከደረጃ መውረድን፣ ከ14 ቀን በላይ እገዳን የመሳሰለውን ነው። እድገት መከልከልን በቀጥታ አያይም። ጥፋት አጋልጠህ ተበቅለውብህ ቢሆን ኖሮ በኦ ኤስ ሲ (ጥፋት ያጋለጡ የፌዴራል ሠራተኞችን አቤቱታ የሚመረምረው ቢሮ) በኩል መንገድ ነበረው።

ዩኒየን ካላችሁ በግሪቫንስም (በዩኒየኑ ውል በሚቀርብ ቅሬታ) መሄድ ይቻላል፤ ውሉ አድልዎን የሚያካትት ከሆነ። ግን ሁለቱን አንድ ላይ አይሆንም። ግሪቫንስ ወይም ፎርማል የኢ ኢ ኦ ክስ፣ በጽሑፍ የቀደመው ያስርሃል። ካውንስለር ማነጋገሩ ብቻ አያስርህም። በማርች 2025 የወጣው የፕሬዚዳንቱ ትእዛዝ በብዙ መሥሪያ ቤቶች የዩኒየን ውልን ነክቷል፤ የእናንተ ቆሞ እንደሆነ መጀመሪያ አጣራ።

የሲልቨር ስፕሪንጉ፦
እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ለካውንስለሯ ጻፍኩ፣ ቀጠሮ ሰጠችኝ። ከዚያስ?

አሌክሳንድሪያ፦
እሷ ፈራጅ አይደለችም፤ ለማስማማት ትሞክራለች። 30 ቀን አላት፣ ሚዲኤሽን ከገባችሁ እስከ 90 ይሄዳል። ካልተስማማችሁ ወረቀት ትሰጥሃለች፤ ከዚያ ፎርማል ክስ ለማስገባት 15 ቀን ብቻ ነው ያለህ። እዚህ ጋ ነው ጠበቃ የሚያስፈልግህ። መሥሪያ ቤቱ እስከ 180 ቀን ይመረምራል። መዝገቡ ሲደርስህ በ30 ቀን ውስጥ በኢ ኢ ኦ ሲ (የሥራ አድልዎን የሚያየው የፌዴራል ኮሚሽን) ዳኛ ፊት እንዲሰማልህ መጠየቅ ትችላለህ። ካሸነፍክ እድገቱን ወደ ኋላ ቆጥረው ከነደመወዝ ልዩነቱ ይሰጡሃል፣ የጠበቃም ይከፍሉልሃል። ለሞራል ጉዳት የሚከፈለው ከ300,000 ዶላር አይበልጥም። ዓመታት ሊፈጅ ስለሚችል ጥሩ ስምምነት ካመጡልህ አትናቀው።

ጡረተኛዋ፦
መክሰስህን ሰምተው ፊት ቢነሱህ፣ ሥራ ቢቀይሩብህ፣ እሱም ሌላ ክስ ነው። እሱንም በ45 ቀን ውስጥ ንገራቸው።

የካውንቲዋ፦
ይቅርታ ጣልቃ ገባሁ። እኔ እዚያው ሜሪላንድ የካውንቲ ሠራተኛ ነኝ። ይኼ ለእኔም ይሠራል?

የዩኒየን ሰው፦
አይ እህቴ፣ የ45 ቀኑ የፌዴራል ነው። አንቺ በቀጥታ ኢ ኢ ኦ ሲ ነው የምታመለክቺው፤ ሜሪላንድ ላይ ለትውልድ አገር አድልዎ 300 ቀን አለሽ።