ዋልተር ዋይት የጠፋው የቱ ጋ ነው?

መምህሩ፦
ሰላም ለሁላችሁ። ሰሞኑን «ብሬኪንግ ባድ» የተባለውን የአሜሪካ ተከታታይ ድራማ ለሁለተኛ ጊዜ ጨረስኩት፣ 62ቱንም ክፍል። ዋልተር ዋይት ካንሰር ሲይዘው «ለቤተሰቤ ነው» ብሎ አደንዛዥ ዕፅ ማብሰል የጀመረው ዋናው ገጸ ባሕሪ ነው። እኔም እንደ ዋልተር ኬሚስትሪ አስተማሪ ነኝ፤ ማታ ማታ ቤት ለቤት አስጠናለሁ። ዋልተር ትርፍ ሥራ በሚሠራበት መኪና እጥበት ቤት ተንበርክኮ የገዛ ተማሪውን ጎማ ሲያሽ፣ ልጁም ሲያሾፍበት ሆዴ ተላወሰ። ለዚህም ይመስለኛል ያኔ እስከ መጨረሻው የደገፍኩት።

ውሃ ሲወስድ እያሳሳቀ ነው። መጀመሪያ ላይ ምድር ቤት ላሰረው ሰው ሳንድዊች ሲሠራ የዳቦውን ጠርዝ እየቆረጠ ነበር። ልግደለው ወይስ ልልቀቀው ብሎ ወረቀት ላይ እየጻፈ ያመዛዝናል። ሲዝን 2 ላይ ግን የሥራ ሸሪኩን የጄሲን ፍቅረኛ ጄንን በተኛችበት ትውከቷ ሲያንቃት ሊያገላብጣት ሮጠና ቆመ። ቆሞ አያት። እኔ ሰብአዊነቱ የጠፋው እዚያ ነው ባይ ነኝ። እናንተስ?

የሳሪሱ፦
መምህር፣ እርስዎ ዘግይተዋል። ሲዝን 1 ክፍል 5ን ያስታውሱ። የድሮ ሸሪኩ ኤሊየት ሥራ ሰጠው፣ ሕክምናህንም እንሸፍናለን አለው። እምቢ አለ። እስከዚያች ቀን «ለቤተሰቤ ነው» ቢል አምነው ነበር። አጎቴ ታሞ ሳለ ዘመድ ያዋጣለትን ብር «ለማኝ አይደለሁም» ብሎ መልሷል፤ ስለዚህ ኩራቱን አውቀዋለሁ። አጎቴ ግን ለኩራቱ ሌላ ሰው አላስከፈለም።

ሰላም፦
እኔ የቆረጥኩለት ሲዝን 4 መጨረሻ ላይ ነው። ጄን ስትሞት ቢያንስ አልቅሷል። ብሮክ፣ የጄሲ የኋላ ፍቅረኛ ልጅ፣ ግን ሕፃን ልጅ ነው! ተመርዞ ሆስፒታል የተኛው በዋልተር እጅ ነው። ሰውየው ለሚስቱ ለስካይለር ደውሎ «አሸነፍኩ» ሲላት እኔም አብሬ ተንፍሼ ነበር። ከዚያ ካሜራው ጓሮው ውስጥ ወዳለችው መርዛማ አበባ ቀስ ብሎ ሄደ። ቴሌቪዥኑን አጥፍቼ ልጄ የተኛበት ክፍል ገባሁ።

መምህሩ፦
ሰላም፣ ያቺ አበባ እኔንም አስደንግጣኛለች። የሳሪሱ ወንድሜ፣ ማታ ክፍል 5ን ደግሜ አየሁት፤ ልክ ነህ። የኤሊየት ሚስት ግሬችን ደውላ ስትለምነው ኢንሹራንሱ ሸፍኖልኛል ብሎ ዋሻት። ቀጥሎ ጄሲ ጋ ሄዶ «እናብስል?» አለው፣ ዕፁን ማለቱ ነው። መጀመሪያ ጊዜ ሳየው እዚህች ላይ «ጎሽ!» ብዬ ነበር፣ ድምፄን አውጥቼ።