ጥላ በጠፋበት ቀትር ጊዜ የት ይገባል?

ጥያቄ — የጦሳ ሥር ሰው (ደሴ)

ሰላም ለእናንተ ይሁን። ለዓመታት በልቤ ሳመላልሰው የኖርኩትን አንድ ሐሳብ ዛሬ በድፍረት ላቅርብ። ከሼህም ሆነ ከየኔታ የተማርኩት አይደለም፤ ጠዋት ከቤቴ ስወጣ፣ ማታም ስመለስ ጥላዬን እያየሁ ራሴ ያወጣሁት ነው።

ሐሳቡ ይህ ነው፦ የሚያልፈው ብርሃን እንጂ ጊዜ አይደለም። ብርሃን አካል ሲያጋጥመው ይታገዳል፤ የታገደው ብርሃን በምድር ላይ የሚተወው ባዶ ስፍራ ጥላ ይባላል፤ እኛም ጊዜ እያልን የምንቆጥረው ያንኑ ባዶ ስፍራ ነው። ጠዋት ጀንበር ከከተማችን በስተ ምሥራቅ ካለው ከአዝዋ ገደል በኩል ስትወጣ ጥላዬ በስተ ምዕራብ ወዳለው ወደ ጦሳ ተራራ፣ ማለትም ቀኑ ወደሚሄድበት ወገን ይዘረጋል፤ ገና ያልኖርኩትን ያመለክተኛል። ከሰዓት በኋላ ደግሞ ዞሮ ቀኑ ወደ መጣበት ወደ ምሥራቅ ይተኛል፤ የኖርኩትን ያመለክተኛል። የፊተኛውን የተስፋ ጥላ፣ የኋለኛውን የትዝታ ጥላ ብዬ ሰይሜያቸዋለሁ። ልጅ ነገን እያለ፣ ሽማግሌ ድሮን እያለ የሚውለው ከዚህ የተነሣ ይመስለኛል።

የቸገረኝ ቀትር ነው። ባለፈው ሚያዝያ አንድ ቀን በግቢያችን የተተከለው የብረት ቋሚ ጥላው ፈጽሞ ጠፋብኝ፤ ዙሪያውን ብዞርም አላገኘሁትም። ጊዜ ጥላ ከሆነ፣ በዚያች ደቂቃ እኔ የት ነበርኩ? ወይስ ሐሳቤ ከሥሩ የተሳሳተ ነው? የምታውቁ ብታስረዱኝ በትሕትና እጠይቃለሁ።

መልስ — ደረሳው (ወረባቦ)

አብሽር ወንድሜ፣ ዓይንህ አልዋሸህም። ደሴ ከምድር ወገብ በስተ ሰሜን 11 ዲግሪ ያህል ላይ ስለምትገኝ፣ ፀሐይ በዓመት ሁለት ጊዜ፣ ማለትም ሚያዝያ 11 እና ነሐሴ 18 ገደማ፣ በቀትር ልክ በአናቷ ላይ ታልፋለች። የነሐሴውን ብዙ ሰው የማያስተውለው የክረምቱ ደመና ስለሚሸፍነው ነው። ቅጽበቷም በእጅ ሰዓት 6 ሰዓት ሲሆን ሳይሆን ወደ 20 ደቂቃ ዘግይታ ትመጣለች። በእነዚህ ሁለት ቀኖች መካከል የቀትር ጥላ ወደ ደቡብ ይወድቃል፤ በቀረው የዓመቱ ክፍል ወደ ሰሜን። አንተ በምሥራቅና በምዕራብ ብቻ ስትመረምረው፣ ጥላ በዓመት ውስጥ የሚመላለስበትን ይህን ሌላ መንገድ ዘንግተኸዋል።

ስለ ጠየቅኸው ቅጽበት ግን እኛ ቤት የቆየ ሥርዓት አለ። ዘንግ ተተክሎ ጥላው እያጠረ ሄዶ ሲቆም ዘዋል ደረሰ ይባላል፤ ጥላው ወደ ምሥራቅ ዘንበል ሲል የዙህር፣ የቀትሩ ሶላት፣ ወቅት ይገባል። የዘዋሉ ጥላ ሳይቆጠር የዘንጉን ቁመት ያህል ሲረዝም የዐስር፣ የከሰዓቱ ሶላት፣ ወቅት ይገባል፤ ከእስልምና የሕግ መንገዶች አንዱ በሆነው በሐነፊ መዝሀብ ግን እጥፉ እስኪሞላ ይጠበቃል። ልብ እንድትልልኝ የምፈልገው ይህን ነው፦ ፀሐይ በአናት ላይ በቆመችባት በዚያች አጭር ጊዜ ሱና፣ ማለትም ግዴታ ያልሆነውን ሶላት፣ ከመስገድ እንታቀባለን። ስለዚህ ቀትር ከተስፋም ከትዝታም ወገን አይደለም፤ የመጠበቅ ስፍራ ነው። ይህ የመጨረሻው ቃል የራሴ ንባብ እንጂ ከኪታብ ያገኘሁት አይደለም።

መልስ — የላስታ ልጅ (ላሊበላ)

ወንድሞቼ፣ ንግግራችሁ ልቤን ነክቶታል፤ ነገር ግን ጥላን ባዶ ስፍራ ማለት ቋንቋችን ራሱ የሚቃወመው አባባል ነው። የሚጠብቀንን ሰው ጥላ ከለላዬ እንላለን፤ ልጃችንን ጥላሁን ብለን እንሰይማለን፤ ግርማ የሌለውን ጥላ ቢስ እንለዋለን። ታቦት ሲወጣም ጥላ ተይዞለት ነው። ለአባቶቻችን ጥላ ጉድለት ቢሆን ኖሮ ለክብር ባልዘረጉት ነበር።

ደግሞስ የሌሊቱን ጊዜ በምን ልትቆጥረው ነው? ሌሊት የምድር የራሷ ጥላ ነው፤ ሁላችንም በአንድነት እርሱ ውስጥ ገብተን እናድራለን። በቤተ ክርስቲያናችን የዘመን ቀመር በባሕረ ሐሳብ ቀንና ሌሊቱ አንድ ላይ በ60 ኬክሮስ ይከፈላሉ፤ አንዱ ኬክሮስ 24 ደቂቃ ነው፤ በብርሃን ያለውም በጨለማ ያለውም እኩል ይቆጠራል።

ባዶ ስፍራ ላለመሆኑ ደግሞ በዓይኔ ያየሁትን ልመስክር። ሰኔ 14 ቀን 2012 እሑድ ጠዋት ጨረቃ ፀሐይን በመካከሏ ሸፍና ዙሪያዋ ብቻ እንደ ቀለበት ሲበራ እዚሁ ላሊበላ ነበርኩ። ሰው ሁሉ ወደ ሰማይ ሲያንጋጥጥ እኔ ዓይኔን ፈርቼ ከአንድ ዛፍ ሥር መሬት መሬቱን አይ ነበር። በቅጠሎቹ ክፍተት የሚገቡት፣ ሁልጊዜ ክብ ሆነው የሚታዩት የብርሃን ነጠብጣቦች መጀመሪያ እንደ ማጭድ ቀጠኑ፤ ኋላም እያንዳንዳቸው ቀለበት ሆኑ። የዛፉ ጥላ በሙሉ በፀሐይ መልክ ተሞልቶ ነበር። ብርሃኑን ቀጥታ ማየት ያልቻልኩት ሰው ያየሁት በጥላው ውስጥ ነው። እስከ ዛሬ ያን ጠዋት ሳስበው ሰውነቴን ይነዝረኛል።

መልስ — ኮምቦልቻ

አንድ ነገር ብቻ ልጨምር። ብርሃን ከፀሐይ ተነሥቶ እኛ ዘንድ ለመድረስ 8 ደቂቃ ከ20 ሰከንድ ያህል ይፈጅበታል። እንግዲህ የጠዋቱ የተስፋ ጥላ እንኳን ካለፈ ብርሃን የተሠራ ነው፤ ተስፋና ትዝታ ጠያቂው ያሰቡትን ያህል የተራራቁ አይመስሉኝም።

መልስ — የጦሳ ሥር ሰው (ደሴ)

ሁላችሁንም ከልብ አመሰግናለሁ። ባዶ ስፍራ ያልኩትን ትቼዋለሁ፤ የላስታው ወንድሜ የዛፉን ጥላ ሲተርክ ቃሉ ከእጄ ወደቀ። ቋሚው ጥላውን አጥቶ እንዳልነበረ አሁን ይታየኛል፤ በጥላው ላይ ቆሞበት ነበር። የመጠበቅ ስፍራ የሚለውንም ተቀብዬ ከሁለቱ ጥላዎች መካከል አስገብቼዋለሁ።

ያልተፈታልኝ የደሴ ምሽት ነው። ጀንበር ገና ሳትጠልቅ የጦሳ ጥላ ከምዕራብ ወርዶ ከተማውን ይሸፍናል፤ የእኔም፣ የጎረቤቴም፣ የቤቱም ጥላ እርሱ ውስጥ ይገባና መለየት ያቅታል። ያኔ የምንቆጥረው ጊዜ የእያንዳንዳችን ነው ወይስ የተራራው? በሌሊቱ የምድር ጥላ እንደምንገባው ሁሉ በየምሽቱ አስቀድመን የምንለማመደው ይሆን እያልኩ አስባለሁ።

ነሐሴ 18 ሰማዩ ከተከፈተ ከቋሚው አጠገብ እጠብቃለሁ። ደረሳው ወንድሜም በወረባቦ ዘንግ ቢተክልልኝ፣ የላስታው ወንድሜም በዚያ ከእኛ ሦስት ቀን ያህል ስለሚቀድም በነሐሴ 15 ገደማ ቢመለከትልኝ፣ ጥላው የጠፋበትን ደቂቃ እየጻፍን እዚሁ እናነጻጽረው።