ከጦሩ የከዳው ወታደሬ ከሻያኖች ጋር መኖሩ ያሳምናል?

ጥያቄ፦
ሰላም ለሁላችሁ። ሁለት ዓመት የደከምኩበት የመድረክ ድራማ አለኝ። ዘመኑ ኖቬምበር 1864፣ ቦታው ኮሎራዶ ነው። ዋናው ገጸ ባሕርይ ለ100 ቀን ከተመለመለው ከ3ኛው ፈረሰኛ ሬጅመንት የሆነ ወጣት ነው። የአሜሪካ ጦር የሻያኖችን (የአሜሪካ ነባር ሕዝብ ናቸው) ሰፈር ካጠቃበት ከሳንድ ክሪክ ጭፍጨፋ በፊት ባለው ሌሊት ከፎርት ላዮን ምሽግ ሾልኮ ሻያኖቹን ሊያስጠነቅቅ ይሮጣል፤ ሳይደርስ ይነጋል። የተረፉት ያስጠጉታል፣ ቋንቋቸውን ይለምዳል፣ እነሱ ጋር ይቀራል። ያነበበችልኝ ጓደኛዬ «በዚያ ሳምንት የወታደር ልብስ የለበሰ ሰው ማን ያስጠጋል?» አለችኝ። ከዚያ ወዲህ ብዕሬ ቆሟል። ምን ትላላችሁ?

መልስ 1፦
ጓደኛህ ልክ ናት። ችግሩ ግን ቀደም ብሎ ይጀምራል። የ3ኛው ሬጅመንት ሰዎች የ100 ቀን ውላቸው እያለቀ ነበር፤ ቤቱ ሊገባ የደረሰ ልጅ ለምን ይከዳል? ምሽጉ የደረሱትም በዚያው ቀን ነው፤ የሻያኖቹ ሰፈር ደግሞ ወደ 40 ማይል ይርቃል። በጨለማ መንገዱን በምን አወቀው? ምሽጉ ላይ ሰፍሮ ከቆየው ከ1ኛው ሬጅመንት አድርገው። የጥቃቱ አዛዥ ኮሎኔል ቺቪንግተን ማንም እንዳይወጣ ምሽጉን በዘብ አስከብቦ ነበርና ሾልኮ መውጣቱንም በአንድ መስመር አትለፈው።

መልስ 2፦
እኔ መክዳቱን ራሱን አልወደድኩትም፣ ወንድሜ። የ1ኛው ሬጅመንት መኮንን ካፒቴን ሲላስ ሶል አልከዳም። ከጦሩ ጋር ሄደ፤ እዚያ ሲደርሱ ግን የራሱን ሰዎች እንዳይተኩሱ ከለከለ። የሻያኖቹ አለቃ ብላክ ኬትል ከድንኳኑ በላይ የአሜሪካን ባንዲራና ነጭ ጨርቅ ሰቅሎ ነበር፤ ያም ሆኖ 230 ያህል ሰው አለቀ፣ አብዛኞቹ ሴቶች፣ ሕፃናትና አዛውንቶች። ሶል ያየውን ለቀድሞው የምሽጉ አዛዥ ለሻለቃ ዊንኩፕ ጻፈ፣ ስለ ጭፍጨፋው በተደረገው ምርመራ ላይ ቀርቦ መሰከረ። በኤፕሪል 1865፣ ካገባ ወር ሳይሞላው፣ ዴንቨር መንገድ ላይ በጥይት ገደሉት። ይህን ሰው ባሰብኩ ቁጥር ያንተ ልጅ ቶሎ የሸሸ ይመስለኛል። ይቆይ፣ ይይ።

መልስ 3፦
ጆርጅ ቤንትን አስበው። አባቱ ነጭ ነጋዴ፣ እናቱ ሻያን። በአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት ለደቡቦቹ ጦር ተዋግቶ ተማረከ፣ ሲለቀቅ ወደ እናቱ ወገን ገባ። ሳንድ ክሪክ ላይ ዳሌውን ተመቶ ሰዎቹ አሸዋው ውስጥ በቆፈሩት ጉድጓድ ተጠልሎ ተረፈ። ወንድሙን ሮበርትን ደግሞ ቺቪንግተን አስገድዶ መንገድ መሪ አድርጎት ነበር። ጆርጅን የተቀበሉት አዝነውለት አይደለም፣ ልጃቸው ስለሆነ ነው። ያንተ ወታደር የማን ልጅ ነው?

ጠያቂው፦
ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። የመጀመሪያውን ክፍል ቀደድኩት። ወታደሬ አሁን ከ1ኛው ሬጅመንት ነው፤ ከምሽጉም ሾልኮ አይወጣም። ሌሊቱን ሙሉ ከሮበርት ቤንት ጎን ይጋልባል፤ ሮበርት ደግሞ ወንድሞቹ ያሉበት ሰፈር ስንት ማይል እንደቀረ ያውቃል። ዛሬ ማታ የምጽፈው የሁለቱን ዝምታ ነው።