«ኢኮኖፊዚክስ» ምን ማለት ነው? በአማርኛስ ምን ብንለው ይሻላል?

ጠያቂዋ፦

ጤና ይስጥልኝ፣ የቃል ወዳጆች። አንድ የሳይንስ ጽሑፍ ወደ አማርኛ እየመለስኩ ሳለ «ኢኮኖፊዚክስ» የሚል ቃል ላይ ደርሼ ሦስት ቀን ቆምኩ። መጀመሪያ «የኢኮኖሚና የፊዚክስ ጥናት» ብዬ አልፌው ነበር። አርታኢዬ ግን «ይህ አንድ ትምህርት ነው ሁለት? አንድ ከሆነስ ባለቤቱ ማን ነው፣ ኢኮኖሚስቱ ወይስ ፊዚክስ የተማረው?» ብሎ መለሰልኝ። መልስ አጣሁ። እዚያው ጽሑፍ ውስጥ ደግሞ የዋጋ ለውጥ «ወፍራም ጭራ» አለው የሚል ሐረግ አለ። እንዳለ ብጽፈው ማን ይረዳዋል? እባካችሁ፣ ትርጉሙንም አገባቡንም የምታውቁ አስረዱኝ።

ጡረታ የወጣ የፊዚክስ መምህር፦

እህቴ፣ አርታኢሽ የጠየቀው ዋናውን ጥያቄ ነው፤ ከእሱ ልጀምር።

የዚህ ቃል ልደት ይታወቃል። የቦስተን ዩኒቨርሲቲው የፊዚክስ ሊቅ ዩጂን ስታንሊ እ.ኤ.አ. በ1995 በሕንድ፣ ኮልካታ ከተማ በተደረገ የስታቲስቲካዊ ፊዚክስ ጉባኤ ላይ ተናገሩት፤ በ1996 ከጉባኤው ጽሑፎች ጋር ታትሞ ወጣ። ቃሉን ያበጁት በአስትሮፊዚክስ፣ በጂኦፊዚክስና በባዮፊዚክስ አምሳያ ነው። በእነዚህ ቃላት ሁሉ ከፊት የሚቀመጠው የሚጠናው ነገር ነው፤ ኮከብ፣ ምድር፣ ሕይወት። ከኋላ የሚመጣው አጥኚው ነው። ጂኦፊዚክስ ስንል ምድርን በፊዚክስ መሣሪያ መመርመር ማለታችን ነው፤ ምድርና ፊዚክስን ጎን ለጎን አስቀምጦ ማጥናት አይደለም። ኢኮኖፊዚክስም እንደዚሁ ገበያን፣ ዋጋንና የሀብት ክፍፍልን በፊዚክስ ዘዴ የሚመረምር የፊዚክስ ቅርንጫፍ ነው። የቤቱ አባወራ ፊዚክስ ነው በይው ለአርታኢሽ።

የትኛው ፊዚክስ ካልሽ፣ በተለይ ስታቲስቲካዊው ነው። አሁን ተቀምጠሽ በምትጽፊበት ክፍል ውስጥ ያለውን አየር አስቢ። የእያንዳንዱን ሞለኪውል መንገድ ልከተል የሚል ሰው ዕድሜው አይበቃውም። የሁሉንም ድምር ውጤት ግን፣ ሙቀቱንና ግፊቱን፣ በትክክል እንለካለን። የአንዱ ጠባይ ሳይታወቅ የብዙኃኑ ጠባይ ይታወቃል። ኢኮኖፊዚክስ የተነሣው ከዚህ ነው፤ አንድ ነጋዴ ነገ ምን እንደሚገዛ ባናውቅም፣ መቶ ሺህ ነጋዴ በአንድ ገበያ ሲገዛና ሲሸጥ የሚፈጠረው የዋጋ መዋዠቅ የራሱ ሥርዓት ይኖረው ይሆን ብሎ ይጠይቃል።

በነገራችን ላይ ጋብቻው ከስሙ በጣም ይቀድማል። ሉዊ ባሼሊዬ የተባለ ፈረንሳዊ እ.ኤ.አ. በ1900 ለፓሪስ ዩኒቨርሲቲ ባቀረበው የዶክትሬት ጽሑፍ የፓሪስን የቦንድ ገበያ ዋጋ እንደ ሰካራም እርምጃ ቆጥሮ፣ ወዲህ ይሂድ ወዲያ የማይታወቅ አድርጎ፣ በሒሳብ አስቀመጠው። ሮበርት ብራውን በ1827 ከአበባ ብናኝ የወጡ ቅንጣቶች በውሃ ላይ ሲቁነጠነጡ አይቶ ነበር፤ አይንሽታይን ለዚህ ቁንጥንጥ ተመሳሳዩን ሒሳብ ያወጣው በ1905 ነው። ስለዚህ ገበያው ውሃውን አምስት ዓመት ቀድሞታል። አርባ ዓመት ገደማ ሳስተምር ይህን ለተማሪ ስነግር ክፍሉ ጸጥ ይል ነበር፤ ዛሬም ስጽፈው ያው ስሜት ይሰማኛል።

የግእዝ ተማሪ፦

ጋሼ ስለ አባወራው ያሉት ከሰዋስው በኩልም ይደገፋል፤ ትንሽ ልጨምር።

«ኢኮኖሚ» ከግሪክ ሁለት ቃላት የመጣ ነው፤ «ኦይኮስ» ቤት፣ «ኖሞስ» ሕግና ሥርዓት። በሉቃስ ወንጌል ምዕራፍ 16 ላይ ያ ከሹመቱ ሊሻር የተቃረበው ሰው በግሪኩ «ኦይኮኖሞስ» ነው የሚባለው። አማርኛው «መጋቢ» ይለዋል። ስለዚህ ኢኮኖሚ በጥንቱ ትርጉሙ መጋቢነት ነው፤ ቤትን ማስተዳደር፣ ያለውን መጥኖ ማብላት። «ፊዚክስ» ደግሞ «ፊዚስ» ከሚለው ተፈጥሮን ከሚያመለክት ቃል ይወርዳል። ኢኮኖፊዚክስ ሲባል «ኖሞስ» ከወገቡ ተቆርጦ «ኖ» ብቻ ቀርቷል፤ ሕጉ ከስሙ ወጥቷል ማለት ነው፣ ምንም እንኳ ትምህርቱ ሕግ ፍለጋ ቢሆንም።

ወደ አማርኛው ስንመጣ «ምጣኔ ሀብት» የግእዝ አሰካክ ያለው ቃል ነው። ዋናው ቃል ከፊት ነው፤ የምን ምጣኔ? የሀብት። ሥነ ጽሑፍ፣ ቤተ መጻሕፍት፣ ርእሰ አንቀጽ ሁሉ እንዲሁ ናቸው። የአማርኛ አሰካክ ደግሞ ተቃራኒው ነው፤ «የ» ያለበት ቃል ይቀድማል፣ ዋናው ኋላ ይመጣል። ስለዚህ «የምጣኔ ሀብት ፊዚክስ» ብንል በአንድ ሐረግ ውስጥ ሁለቱም ሥርዓት ተገናኝተው፣ ዋናው ቃል ፊዚክስ መሆኑ ሳይደበዝዝ ይቀመጣል። «ፊዚካዊ ምጣኔ ሀብት» የሚል አይቻለሁ፤ ይህን አልቀበልም። አባወራውን እንግዳ፣ እንግዳውን አባወራ ያደርገዋል።

ልዩነቱ የሰዋስው ብቻ እንዳይመስል፣ ዋናው ቃል ኢኮኖሚክስ የሆነበት ሌላ ጥምር አለ፤ «ቴርሞኢኮኖሚክስ»። ኒኮላስ ጆርጄስኩ-ሬገን የተባሉ ኢኮኖሚስት እ.ኤ.አ. በ1971 ባሳተሙት ሥራ ምርት ሁሉ ጉልበት የሚበላና ቆሻሻ የሚተው ስለሆነ ኢኮኖሚስቱ የቴርሞዳይናሚክስን ሁለተኛ ሕግ፣ ማለትም ጉልበት በሠራ ቁጥር ለሥራ የማይመች እየሆነ ይሄዳል የሚለውን፣ ሊዘነጋ አይገባውም ብለው ተከራክረዋል። እዚያ የሚናገረው ኢኮኖሚስት ነው፤ ጉዳዩም እንጨቱ፣ ከሰሉ፣ አፈሩ ነው። ኢኮኖፊዚክስ ውስጥ የሚናገረው የፊዚክስ ሰው ነው፤ ጉዳዩም የቁጥሮች ስርጭት ነው። ሁለቱን አንድ አድርጎ የሚተረጉም ሰው አንባቢውን ወደ ሌላ ቤት ይሰደዋል።

ጠያቂዋ፦

እግዜር ይስጥልኝ፣ ሁለታችሁንም። አባወራው ተለየልኝ። ጭራውስ፣ ጋሼ?

የፊዚክስ መምህሩ፦

ወደ ጭራው ልምጣ። ይህ ነገር ልብሽ እስኪጠግብ ቢብራራ ደስ ይለኛል፤ የትምህርቱ እምብርት እዚህ ነውና።

የሰውን ቁመት ብትለኪ አብዛኛው ሰው መሃል ላይ ይከማቻል፤ በጣም ረጅምና በጣም አጭር ሰው ወደ ዳር እየሳሳ ይሄዳል። ሥዕሉ እንደ ደወል ነው። የደወሉ ዳርና ዳር ጭራ ይባላል፤ ቶሎ ይቀጥንና ያልቃል። የባሼሊዬ ሒሳብ የዋጋ ለውጥንም እንዲህ ቆጥሮት ነበር። የሒሳብ ሊቁ ቤንዋ ማንደልብሮት እ.ኤ.አ. በ1963 የጥጥን ዋጋ መረጃ ሲያይ ግን ትልልቆቹ ለውጦች በደወሉ ከሚጠበቀው እጅግ በዙበት። ጭራው አልቀጥን አለ። በኋላ የስታንሊ ቡድን በሚሊዮን የሚቆጠር የአክሲዮን ዋጋ መረጃ መርምሮ የጭራውን ልክ አገኘው፤ የለውጡ መጠን እጥፍ ሲሆን የመከሰት ዕድሉ ወደ ስምንት እጥፍ ገደማ ይቀንሳል። ሁለትን ሦስቴ ማባዛት ስለሆነ የኩብ ሕግ ይሉታል። ስምንት እጥፍ ብዙ እንዳይመስልሽ። በደወሉ ሒሳብ፣ ከመደበኛው መዋዠቅ አምስት እጥፍ ከሆነ ለውጥ ወደ አሥር እጥፍ ስንሄድ ዕድሉ በብዙ ትሪሊዮን እጥፍ ነው የሚያንሰው፤ በጭራሽ አይሆንም እንደማለት ነው። እ.ኤ.አ. ጥቅምት 19 ቀን 1987 ዳው ጆንስ የሚባለው የኒው ዮርክ የአክሲዮን ዋጋ መለኪያ በአንድ ቀን 22.6 በመቶ ሲወድቅ፣ በደወሉ የሚያምን ሰው ዓይኑን ማመን አልነበረበትም። በኩብ ሕግ የሚያምን ግን ብርቅ ነው እንጂ የማይሆን ነው አይልም።

ተፈጥሮም ይህን ጠባይ ታውቀዋለች። የመሬት መንቀጥቀጥ መጠኑ በአንድ ደረጃ ሲጨምር ቁጥሩ ወደ አሥር እጥፍ ገደማ ይቀንሳል። በ2017 ዓ.ም. በአዋሽ ፈንታሌ አካባቢ ምድር ስትናወጥ፣ ንዝረቱ አዲስ አበባ ድረስ ሲሰማን፣ ከትልልቆቹ ጋር ስንት ትንንሽ እንደነበረ አስታውሺ። የፊዚክስ ሰዎች ወደ ገበያ ከሄዱባቸው ምክንያቶች አንዱ ይህን የመሰለ ሥርዓት በተፈጥሮ ውስጥ ማየታቸው ነው።

ስለ ቃሉ ደግሞ የእኔ ሐሳብ ይኸውልሽ። «ወፍራም ጭራ» አትበይ። አማርኛ ለዚህ የራሱ ቃል አለው፤ ላት። የመንዝ በግ ጅራት ተንጠልጥሎ የሚቀር ቀጭን ነገር አይደለም፤ ስቡ፣ ክብደቱ፣ የክፉ ቀን ስንቁ እዚያ ነው ያለው። የዋጋ ለውጥ ስርጭትም እንዲሁ ክብደቱ ጭራው ላይ ተከማችቷል። «ባለ ላት ስርጭት» ብትይ በግ ገዝቶ የሚያውቅ አንባቢ ሁሉ ወዲያው ይረዳሻል።

የኢኮኖሚክስ ሰው፦

ላት የሚለውን ወድጄዋለሁ፤ ከዛሬ ጀምሮ እጠቀምበታለሁ። ግን በአገባቡ ላይ አንድ ጥንቃቄና አንድ ቅሬታ አለኝ።

ጥንቃቄው፦ በኢኮኖሚ ንግግር ውስጥ የፊዚክስ ቃል ሲገኝ ሁሉ ኢኮኖፊዚክስ አይደለም። እንግሊዛዊው ኢኮኖሚስት አልፍሬድ ማርሻል እ.ኤ.አ. በ1890 ዋጋ ሲለወጥ ፍላጎት ምን ያህል እንደሚለጠጥ ሲጽፉ የላስቲክን ጠባይ ተውሰዋል፤ ግን የተዋሱት ቃሉን ነው። የእኛም አፍ በዚህ የተሞላ ነው። ገበያው ሞቀ፣ ቀዘቀዘ፣ ዋጋ ናረ፣ ገንዘብ ፈሰሰ እንላለን። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የምንዛሪው ሥርዓት ሲለወጥ «ብር ተንሳፈፈ» ያላለ አልነበረም። ከሁሉ የሚደንቀኝ «ግሽበት» ነው። ገበሬ ጤፉ ከልክ በላይ አድጎ አገዳው ራሱን መሸከም አቅቶት ሲተኛ «ጋሸበ» ይላል። በእኔ ጆሮ ሁለቱ ቃላት የአንድ እናት ልጆች ናቸው፤ ዕድገት መስሎ የሚጥል ነገር። ይህ ሁሉ ግን ዘይቤ ነው። ኢኮኖፊዚክስ የሚባለው ቀመሩ ተጽፎ፣ ከመረጃ ጋር ተፋጥጦ፣ ሊሳሳት በሚችልበት መልክ ሲቀርብ ነው። «ገበያው ቀዘቀዘ» ያለ ጋዜጠኛ ኢኮኖፊዚክስ አልተናገረም።

አንድ ሰው የተማረው ፊዚክስ ስለሆነ ብቻም ሥራው ኢኮኖፊዚክስ አይባልም። ያን ቲንበርገን እ.ኤ.አ. በ1969 የመጀመሪያውን የኢኮኖሚክስ ኖቤል ከራግናር ፍሪሽ ጋር የተካፈሉ ሰው ናቸው፤ የዶክትሬት ትምህርታቸው በፊዚክስ ነበር። እሳቸውን ግን ኢኮኖሚስት እንጂ ሌላ የሚላቸው የለም፤ የሠሩት በእኛ ጥያቄ፣ በእኛ ዘዴ ነውና።

ቅሬታዬ ደግሞ ይህ ነው። እ.ኤ.አ. በ2000 ሁለት ተመራማሪዎች የገንዘብን ክፍፍል እንደ ጋዝ ጉልበት ቆጥረው አሳዩ። ጠቅላላው ገንዘብ አይጨምርም፣ አይቀንስም፤ ሰዎች ሲገናኙ በዘፈቀደ ይሰጣጣሉ። ሁሉም እኩል ይዞ ቢጀምርም መጨረሻ ላይ ብዙው ሰው ጥቂት፣ ጥቂቱ ሰው ብዙ ይዞ ይገኛል። ውበቱን አልክድም፤ ማንም ሳይሰርቅ እኩልነት እንደሚፈርስ ያሳያል። ግን ገበሬው የታለ? ምርት፣ ሥራ፣ ብድር የሌለበት ኢኮኖሚ የት አለ? ገንዘብ ሳይጨምር ሳይቀንስ በእጅ በእጅ ሲዞር የማውቀው በዕቁብ ነው፤ በዕቁብ ደግሞ ዕጣ የወጣለት ደግሞ አይወጣለትም፣ ስለዚህ ዙሩ ሲያልቅ ሁሉም ያዋጣውን ያህል ያገኛል። ልዩነቱን የሚያመጣው ሰዎች የተስማሙበት ደንብ ነው። ሞለኪውል ደንብ አያወጣም። እ.ኤ.አ. በ2006 አራት ኢኮኖሚስቶች ለኢኮኖፊዚክስ ሰዎች ይህን የመሰለ ወቀሳ በጽሑፍ አቅርበዋል፤ ምርትን ረስታችኋል፣ ከእናንተ በፊት የተጻፈውን አላነበባችሁም ብለው። የጻፉት ግን ለጠላትነት አልነበረም፤ ትምህርቱ እንዲጠነክር ፈልገው ነው። ስለዚህ ስትተረጉሚ «የኢኮኖሚ አዲስ ሕግ» የሚል ማዕረግ አትስጪው። ዘዴ ነው በይ።

የፊዚክስ መምህሩ፦

ወንድሜ፣ ወቀሳህን እቀበላለሁ፤ ደንብ የሚለው ነጥብህ በተለይ ትክክል ነው። ብቻ የጋዙ ምሳሌ ከትምህርቱ አንዱ ክፍል ነው፤ የላቱ ጉዳይ ግን ከመረጃ የወጣ እንጂ ከምናብ የወጣ አይደለም። ሁለቱን በአንድ ሚዛን አትመዝናቸው።

ጠያቂዋ፦

እንዴት እንደማመሰግናችሁ አላውቅም። አንዲት የቀረችኝ፣ ባለሙያውን ምን ልበለው? «ኢኮኖፊዚሲስት» አፍ ላይ ይከብዳል።

የግእዝ ተማሪ፦

«የኢኮኖፊዚክስ ተመራማሪ» በይው። «ሊቅ» የሚለውን ለስታንሊና ለመሰሎቻቸው አቆይው።

ጠያቂዋ፦

እሺ። ለአርታኢዬ የምልከው ዐረፍተ ነገር እንዲህ ሆኗል፤ የሚታረም ካለ ንገሩኝ።

«የምጣኔ ሀብት ፊዚክስ፣ በተለምዶ ስሙ ኢኮኖፊዚክስ፣ ገበያን በስታቲስቲካዊ ፊዚክስ ዘዴ የሚመረምር የፊዚክስ ቅርንጫፍ ነው። የዘርፉ ተመራማሪዎች የአክሲዮን ዋጋ ለውጥ ባለ ላት ስርጭት እንዳለው፣ ማለትም ትልልቅ ውድቀቶች ከተለመደው ስሌት ይልቅ ደጋግመው እንደሚከሰቱ፣ ከመረጃ አሳይተዋል።»

የኢኮኖሚክስ ሰው፦

«ውድቀቶች» ብቻ አትበይ፤ ላቱ በሁለቱም በኩል ነው። «ትልልቅ ውድቀቶችና ዝላዮች» በይና ላኪው።